አዳራሹ ተሠራ፤ ጉባኤው ከየት ይምጣ?

የካቲት ሲደርስ የአዲስ አበባ ሰው ውሎውን የሚያቅደው በአፍሪካ ኅብረት ነው። "ዛሬ የትኛው መንገድ ተዘጋ?" ሳይባል ከቤት አይወጣም። ከቦሌ ወደ መስቀል አደባባይ፣ ከዚያም ወደ ሜክሲኮ ያለው መስመር አንዴ ይከፈታል፣ አንዴ ይዘጋል። ሾፌሩ ያማርራል። ሆቴሉ ይሞላል። ጥቁር መነጽር ያደረጉ ሰዎች በየሎቢው ቆመው ጆሯቸውን ይነካካሉ። ከዚያ መሪዎቹ ይሳፈራሉ፣ ባንዲራው ይወርዳል፣ ከተማዋም እፎይ ትላለች።

እኔን የሚያሳስበኝ ከእፎይታው በኋላ ያለው ጊዜ ነው። መጋቢት። ሚያዝያ። ሐምሌ። ያ ሁሉ አዳራሽ፣ ያ ሁሉ አልጋ፣ ያ ሁሉ የድምፅ መሣሪያ የካቲት ካለፈ በኋላ ማንን ይጠብቃል?

ጥያቄው ሰሞኑን ከባድ ሆኗል። ኅዳር 2018 ዓ.ም. ብራዚል፣ ቤሌም ላይ በተካሄደው የተባበሩት መንግሥታት የአየር ንብረት ጉባኤ፣ 32ኛውን ጉባኤ አዲስ አበባ እንድታስተናግድ ተወሰነ። ናይጄሪያም ፈልጋው ነበር። ጊዜው እ.ኤ.አ. 2027 ነው፤ በእኛ 2020 ዓ.ም.። ኮፕ እየተባለ የሚጠራው ይህ ጉባኤ የመሪዎች ስብሰባ ብቻ አይደለም። ሁለት ሳምንት ይፈጃል። እ.ኤ.አ. በ2023 ዱባይ ላይ ሲካሄድ ከ80 ሺህ በላይ ሰው ተገኝቶበታል። ቤሌም ላይ የተመዘገበው ከ50 ሺህ በላይ ነበር። የእኛ የየካቲት ግርግር ከዚህ ጎን ሲቆም የዕድር ስብሰባ ይመስላል።

ዜናውን ስሰማ ደስ ብሎኛል፤ አልዋሽም። ለተወሰኑ ዓመታት ኢቨንት ላይ ሠርቻለሁ። በር ላይ ባጅ ከማደል እስከ መድረክ ጀርባ ገመድ መጎተት ድረስ። እናም ደስታው ትንሽ ሲበርድ የድሮው ጥያቄ መጣብኝ።

ለጉባኤ የሚመጣ እንግዳ ሁለት ዓይነት ነው። አንዱ የግድ የሚመጣ ነው። ዋና መሥሪያ ቤቱ እዚህ ነው፣ ኤምባሲው እዚህ ነው፤ ወደደም ጠላም ይመጣል። ሌላው ናይሮቢ፣ ኪጋሊ፣ ኬፕታውንና ካይሮ እያሉለት እኛን መርጦ የሚመጣ ነው። አዲስ አበባ በመጀመሪያው የታደለች ከተማ ናት። ኢንዱስትሪ ተብሎ እንጀራ የሚጋገርበት ግን ሁለተኛው ነው።

የግድ የሚመጣው እንግዳም ቢሆን በነፃ አልተገኘም። የተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን በ1950 ዓ.ም. ተቋቁሞ መቀመጫውን አዲስ አበባ ሲያደርግ፣ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የአፍሪካ አዳራሽን አሠርተው ሰጡት። ንድፉን የሠራው ጣሊያናዊው አርክቴክት አርቱሮ ሜዜዲሚ ነው። አዳራሹ በ1953 ተመረቀ። ሁለት ዓመት ከጥቂት ወራት ቆይቶ፣ ግንቦት 1955 ላይ፣ የአፍሪካ አንድነት ድርጅት እዚያው ውስጥ ተመሠረተ። የሎሬት አፈወርቅ ተክሌ 150 ካሬ ሜትር የመስታወት ሥዕል እስከ ዛሬ መግቢያው ላይ ብርሃን እያሳለፈ ነው። ለዚያ ዘመን ድሃ አገር አዳራሽ ቀድሞ ሠርቶ አህጉር መጥራት ትልቅ ቁማር ነበር። ቁማሩን በላነው።

ከዚያ ወዲህ የሆነው ነገር አብዛኛው የዚያ ውርስ ነው። በ1980ዎቹ መጨረሻ ኮሚሽኑ ትልቅ የስብሰባ ማዕከል ጨመረ። ጥር 2004 ላይ ቻይና በ200 ሚሊዮን ዶላር የገነባችው የኅብረቱ ሕንፃ ተመረቀ፤ ትልቁ አዳራሽ 2,500 ሰው ይይዛል። ሐምሌ 2007 ሦስተኛው ዓለም አቀፍ የልማት ፋይናንስ ጉባኤ መጥቶ የከተማዋን ስም የያዘ ሰነድ ትቶ ሄደ። ኅዳር 2015 ላይ ደግሞ የኢንተርኔት አስተዳደር ጉባኤ መጣ። እዚህ ቁጭ ብሎ ስለ ኢንተርኔት ተደራሽነት ሲመከር አብዛኛው ትግራይ ገና ኢንተርኔት አልነበረውም። የውጭ ጋዜጠኞች ይህን ሳይጠይቁ አላለፉም። ጉባኤ መጥራት ቤትን ለእንግዳ መክፈት ነው፤ ጓዳውም ይታያል።

ውርስ ግን በራሱ አይጨምርም። የኅብረቱ መሪዎች እንኳ እዚህ በመደበኛነት የሚሰበሰቡት በዓመት አንዴ ነው፤ የዓመቱ አጋማሽ ስብሰባቸው ከአገር አገር ይዞራል።

እስቲ ሌላ ሚዛን እንውሰድ። አይሲሲኤ የሚባል ዓለም አቀፍ የጉባኤ ባለሙያዎች ማኅበር አለ። በየዓመቱ አገሮችንና ከተሞችን ባስተናገዱት ጉባኤ ብዛት ይደረድራል። የሚቆጥረው የማኅበራትን ስብሰባ ነው፤ የልብ ሐኪሞችን፣ የአፈር ተመራማሪዎችን፣ የቤተ መጻሕፍት ባለሙያዎችን። ስብሰባው በየጊዜው የሚደጋገም፣ ቢያንስ በሦስት አገሮች መካከል የሚዞርና ቢያንስ 50 ተሳታፊ ያለው መሆን አለበት። በዚህ ሚዛን መንገድ ዘግተን የምናስተናግደው የየካቲቱ ጉባኤ ስንት ያመጣል? ዜሮ።

መጀመሪያ ስሰማ ተናድጄ ነበር። በኋላ ሳስበው ግን ልክ ናቸው። የሚቆጥሩት ተወዳድረህ ያመጣኸውን ነው። የልብ ሐኪሞቹ ማኅበር ዘንድሮ እዚህ ቢሰበሰብ በሚቀጥለው ሌላ ቦታ ይሄዳል። የትም መሄድ ይችላል። ተሳታፊው የምዝገባ ክፍያ ይከፍላል፣ አራት አምስት ቀን ያድራል፣ አንዳንዱ ባለቤቱን ይዞ ይመጣል፣ ሲጨርስ "እዚህ አገር ምን የሚታይ አለ?" ይላል። ለመንግሥት ልዑካን መንገድ ይዘጋል። ለሐኪሙ መንገድ አይዘጋም፤ ራይድ ይጠራል፣ ቡና ይገዛል፣ ሽሮ ሜዳ ሄዶ ለልጁ ቀሚስ ይከራከራል። ገንዘቡ ቶሎ ብዙ እጅ ይገባል።

በዚህ ሚዛን ከአፍሪካ ፊት የሚቀመጡት ኬፕታውንና ኪጋሊ ናቸው። የኬፕታውን አይገርምም። የኪጋሊ ግን ሊያስቀናን ይገባል። እዚያ የኅብረት ዋና መሥሪያ ቤት የለም፣ የኢትዮጵያን የሚያህል አየር መንገድ የለም፣ የስድሳ ዓመት የጉባኤ ታሪክ የለም። እ.ኤ.አ. በ2014 ጉባኤ የማምጣት ሥራ ብቻ የሚሠራ ቢሮ አቋቋሙ። በ2016 ጉልላቱ ከሩቅ የሚያበራውን የኪጋሊ ኮንቬንሽን ማዕከል ከፈቱ። ከ2018 ጀምሮ የየትኛውም አገር ዜጋ ሲደርስ ቪዛ እንዲያገኝ ፈቀዱ። ቅደም ተከተሉን ልብ በሉ። ቢሮው ከአዳራሹ በፊት ነው የመጣው።

እኛ አዳራሹን አስቀድመናል። ደግሞ አዳራሽ አሁን ሞልቶናል፤ የሚካድ አይደለም።

የአፍሪካ አዳራሽ ለዓመታት ታድሶ ጥቅምት 2017 ላይ እንደገና ተከፈተ። ዓድዋ ድል መታሰቢያ የካቲት 2016 ሲመረቅ ፒያሳ እምብርት ላይ ትልልቅ አዳራሾች ይዞ መጣ። የኢትዮጵያ አየር መንገድ ጥር 2011 የከፈተውን ስካይላይት ሆቴል አስፋፍቶ 1,024 ክፍል አደረሰው። ከአውሮፕላን ወርደህ ሻንጣህን እየጎተትክ ልትደርስበት ትችላለህ ማለት ይቀላል። ሚሊኒየም አዳራሽም አለ፤ በ2000 ዓ.ም. ለሚሊኒየሙ ተሠርቶ ቢዮንሴ የዘፈነችበት፣ በኮቪድ ጊዜ የሕሙማን ማገገሚያ የሆነው፣ ዛሬ ደግሞ አንድ ሳምንት ኤግዚቢሽን፣ ሌላ ሳምንት ኮንሰርት የሚሆነው ያ ታታሪ ቤት። የሁሉም ታላቅ የሆነው አዲስ ዓለም አቀፍ ኮንቬንሽን ማዕከል በሲኤምሲ አቅጣጫ ለዓመታት ሲጓተት ቆይቶ 2017 አጋማሽ ላይ ተመረቀ። ጳጉሜ ላይ ሁለተኛውን የአፍሪካ የአየር ንብረት ጉባኤ አስተናገደ።

አየሩም ተመችቶናል። የቦሌ ተርሚናል በ2011 ሲስፋፋ በዓመት 22 ሚሊዮን መንገደኛ የማስተናገድ አቅም እንዳለው ተነግሯል። ከዳካር ወይም ከሉሳካ አውሮፕላን ሳይቀይር መጥቶ የሚያርፍ ተሳታፊ ማግኘት በአፍሪካ ቀላል ነገር አይደለም። ጉባኤ አዘጋጅ ከተማ ሲመርጥ መጀመሪያ የሚያየው ይህን ነው። ከ2010 ጀምሮ የኤሌክትሮኒክ ቪዛም አለ። ደጋው አየርም ተደማሪ ነው፤ በሐምሌ ካፖርት የሚለብስ ተሳታፊ ቢገረምም።

እንግዲህ ምን ጎደለ?

የጎደለው በአዳራሹና በእንግዳው መካከል ያለው ሙያ ነው። ከውስጥ ያየሁትን ልንገራችሁ።

ፕሮግራሙ 2፡30 ይላል። ተሳታፊው 2፡15 ተቀምጧል። የክብር እንግዳው አልመጡም። አራት ሰዓት ሲሆን "መንገድ ላይ ናቸው" ይባላል። መድረክ መሪው ስለ አገራችን ውበት የሚያውቀውን ሁሉ ተናግሮ ጨርሷል። ቡናው ከንግግሩ በፊት ተጠጥቷል። የመጀመሪያው የጥናት ጽሑፍ አቅራቢ ከሌላ አህጉር የመጣ ሰው ነው፤ 20 ደቂቃው ወደ ሰባት ተቀንሶለታል። ተንሸራታች ምስሎቹን እንደ ፊልም እያሳለፈ ይናገራል። በጨዋ ደንብ ያመሰግናል። ተመልሶ ግን አይመጣም፤ ማኅበሩንም "እዚያ እንሂድ" አይልም።

የሰዓት ነገር ከተነሳ ደግሞ የራሳችን የሆነ ጣጣ አለ። አንድ ጊዜ የግብዣ ካርድ ላይ "3፡00 ሰዓት" ተብሎ በእንግሊዝኛም እንደዚያው ተተርጉሞ ሄደ። ስድስት የውጭ እንግዶች ከምሳ በኋላ ሱፍ ለብሰው መጡ። አዳራሹን ባዶ አገኙት፤ እኛ ወንበር እየሰበሰብን ነበር። አንደኛው እየሳቀ ወንበር አነሳልን። እኔ እስከ ዛሬ አልሳቅሁም።

ሌላው ክፍያ ነው። የኢቨንት ድርጅት ማለት ባጭሩ የሌላ ሰው ወጪ ቀድሞ የሚከፍል ድርጅት ነው። መሥሪያ ቤቱ ፕሮፎርማ ይሰበስባል፣ ብዙ ጊዜ ያነሰ ዋጋ ያቀረበውን ይወስዳል። ድርጅቱ ለሆቴሉ ቅድሚያ ይከፍላል። ለድምፅ፣ ለመብራት፣ ለባነር፣ ለአበባ፣ ለአስተርጓሚ ይከፍላል። ጉባኤው ይጠናቀቃል፣ ሁሉም ይጨበጨብለታል። ከዚያ ክፍያው ፋይል ውስጥ ይገባል። "ፈራሚው መስክ ናቸው።" "በጀቱ ተዘግቷል።" "ደረሰኙ ላይ ስማችን በትክክል አልተጻፈም።" ሠርቼበት የነበረ አንድ ድርጅት ትርፍ አገኘበት የተባለውን ትልቁን ሥራ ብር ሲጠብቅ ሠራተኛ በትኗል። በእንዲህ ዓይነት ገበያ የሚተርፈው ጥሩ የሚሠራው አይደለም፤ ረጅም ጊዜ መጠበቅ የሚችለው ነው።

ሐምሌ 22 ቀን 2016 የውጭ ምንዛሪው በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ ደግሞ መጠበቁ ራሱ ኪሳራ ሆነ። የመድረክ ስክሪን፣ የመብራት አምፖል፣ የትርጉም ማዳመጫ ሁሉም ከውጭ የሚገባ ዕቃ ነው። የተበላሸው በአሮጌው ዋጋ አይተካም። ሰኔ ላይ በብር የተዋዋልከው ሥራ ጥቅምት ላይ ሲከፈልህ ያው ብር ያው ዕቃ አይገዛም። በሌላ በኩል ለውጭ ተሳታፊ ከተማዋ ረክሳለች፤ ዶላሩ ብዙ ብር ያወጣል። ዕድሉ እዚህ ጋ ነበር። ነገር ግን ብዙ ሆቴሎች የውጭ ዜጋን በዶላር ነው የሚያስከፍሉት። ስለዚህ የብሩ መውረድ ለእንግዳው የሚታየው እራት ሲበላና ቡና ሲገዛ ነው፤ ትልቁ ወጪው የሆነው አልጋ ላይ ብዙም አይሰማውም።

ሁሉም ግን ጨለማ አይደለም። እዚህ ከተማ ያለውን የአስተርጓሚ ሀብት ብዙ ሰው አያውቀውም። ኅብረቱ በአረብኛ፣ በእንግሊዝኛ፣ በፈረንሳይኛ፣ በፖርቹጋልኛ፣ በስፓኒሽና በስዋሂሊ ይሠራል። በዚህ ምክንያት ጠባብ ክፍል ውስጥ ቁጭ ብለው ንግግር ሳያልቅ የሚተረጉሙ ሰዎች ከተማው ውስጥ አሉ። ፕሮቶኮል የሚያውቁ፣ የ50 አገር ባንዲራ ሳይሳሳቱ የሚያቆሙ፣ መዝሙር የማያቀያይሩ ልጆች አሉ። ይህ በአንድ ጀምበር አይገዛም። የሙያው ትምህርት ቤት ግን መድረክ ጀርባ ነው፤ የሚማሩት እየተሰደቡ ነው።

ስለ አገር ውስጡ ገበያም ትንሽ ልበል፤ ምክንያቱም አብዛኛው ሆቴል የሚኖረው በዚያ ነው። ቢሾፍቱ፣ አዳማና ሐዋሳ ያሉ ሆቴሎችን ያቆመው ወርክሾፕ ነው። መሥሪያ ቤቱ አዲስ አበባ፣ ተሳታፊው አዲስ አበባ፣ አሠልጣኙ አዲስ አበባ፤ ሥልጠናው ግን አዳማ። ለምን? አበል። ከከተማ ካልወጣህ አበል የለም። ይህን እንደ ነውር የሚያነሱ አሉ፤ ደመወዙን አይቶ መፍረድ ይሻላል። የሚያሳስበው ይህ ገበያ በማን ገንዘብ እንደቆመ ነው። ትልቁ ከፋይ በጀትና የውጭ ርዳታ ነበሩ። ጥር 2017 ላይ አሜሪካ የውጭ ርዳታዋን ስታቆም፣ ብዙም ሳይቆይ ዩኤስኤአይዲ ራሱ ሲዘጋ፣ ኢትዮጵያ ከአፍሪካ ዋነኛ ተቀባዮች አንዷ ነበረች። ፕሮጀክቱ ሲዘጋ ሥልጠናውም አብሮ ይዘጋል። ስለ ክሊኒኩና ስለ መድኃኒቱ ተጽፏል፤ ይገባዋልም። "አዳራሽ ለሁለት መቶ ሰው፣ ሁለት ሻይ ቡና፣ ምሳ" እያለ ይደውል የነበረው ስልክ ዝም ማለቱን ግን የጻፈ አላየሁም።

ኤግዚቢሽን ላይ ብዙ አልቆይም። የኛ ሰው ኤግዚቢሽን ሲባል የሚታየው የበዓል ባዛር ነው፤ የምጣድ ሻጭ፣ የስፖንጅ ሻጭ፣ ጆሮ የሚበጥስ ሙዚቃ፣ ከግቢው መውጫ ላይ የጠፋ ልጅ። ባዛሩ በጨረታ በሚሊዮን የሚቆጠር ብር የሚወጣበት ሥራ ነው፤ አልንቀውም። ነገር ግን የሚሸጠው ለእኛው ለራሳችን ነው። ገዢ ከውጭ የሚያመጣው ሌላው ዓይነት ነው። የአበባና የአትክልት አምራቾች የሚያዘጋጁት ሆርቲፍሎራ ጥሩ ምሳሌ ነው። የደች ወይም የሌላ አገር ነጋዴ የሚመጣው ለአዳራሹ ብሎ አይደለም፤ እርሻው የሁለት ሰዓት መንገድ ላይ ስላለ ነው።

ከዚህ ነገር አንድ ሐሳብ እመዛለሁ። መርጦ የሚመጣ እንግዳ የሚመጣው እኛ ጋ ብቻ ባለ ነገር ነው። የካቲት መጨረሻ 2008 ላይ አራተኛው የዓለም የቡና ጉባኤ አዲስ አበባ ተካሄደ። ቡና የተገኘበት አገር ነው፤ ማሳመን አያስፈልግም። እንዲህ ዓይነት ነገር ስንት አለን? የሰው ዘር አመጣጥ የሚያጠኑ ሳይንቲስቶች ድንቅነሽ የተገኘችበትን ሐዳርን ካላዩ የት ይሰበሰባሉ? የከፍታ ቦታ ሩጫ የሚያጠኑ የስፖርት ሐኪሞች እንጦጦ ላይ ቢሰበሰቡ ጥናቱ ጠዋት ጠዋት በፊታቸው ይሮጣል። ስለ ብራና መጻሕፍት፣ ስለ ሰብል ዘር ባንክ፣ ስለ ግመል ወተት፣ ስለ አቪዬሽን ጥገና የሚሰበሰቡ ማኅበራት በዓለም ላይ አሉ። አንዳቸውም መንገድ አያዘጉም።

ወደ ኮፕ ልመለስ። ቤሌም ላይ ትልቁ ራስ ምታት አልጋ ነበር። ከተማው ለዚያ ሁሉ ሰው የሚሆን ሆቴል አልነበረውም፤ የአልጋ ዋጋ ሰማይ ነካ። በዋጋው ላይ ጉባኤው ሳይጀመር አጥብቀው ካማረሩት መካከል የአፍሪካ ተደራዳሪዎች ነበሩበት። መርከቦች ወደብ ላይ አቁመው ማደሪያ አደረጓቸው። እኛ ባሕር የለንም፤ ይህ መፍትሔ አይሠራልንም። ያለን የአዳማ ፈጣን መንገድ ነው፤ በእሱ ላይ የቢሾፍቱና የአዳማን አልጋ ከአዲስ አበባ ጋር አንድ ገበያ ማድረግ ይቻላል። ፈርኒሽድ አፓርትመንትም በብዛት አለ፤ ማን መዝግቦ፣ ማን ዋጋውን ይፋ አድርጎ ለእንግዳ እንደሚያቀርበው ካሁኑ ካልተወሰነ ደላላው ይወስነዋል። ደላላው እንዴት እንደሚወስን ቤት የተከራየ ሁሉ ያውቃል።

ቤሌም ሌላም ነገር አሳይቷል። ጉባኤው ሊያልቅ ሲል ድንኳኖቹ ባሉበት ክፍል እሳት ተነሳና በሺዎች የሚቆጠር ሰው በሩጫ ወጣ። ጊዜያዊ ድንኳን፣ ጊዜያዊ ገመድ፣ ጊዜያዊ ማቀዝቀዣ። እዚህ በየመድረኩ ጀርባ ምን ዓይነት ገመድ እንደሚዘረጋ፣ በፕላስተር ምን እንደሚቀጠል በዓይኔ ስላየሁ ይህ ዜና ከአልጋው ይልቅ አስፈራኝ።

ከተማዋ ጫና አትችልም ማለቴ አይደለም። ጳጉሜ 2017ን አስታውሱ። በሁለተኛው ቀን የአፍሪካና የካሪቢያን አገሮች መሪዎች እዚሁ ተሰበሰቡ። ከሦስተኛው እስከ አምስተኛው የአየር ንብረት ጉባኤ። በመሀል፣ ጳጉሜ 4፣ የህዳሴ ግድብ ምረቃ። በማግስቱ የዘመን መለወጫ ዋዜማ፤ በግና ዶሮ መንገዱን ከልዑካን ጋር ሲጋራ። ይህን ሁሉ ከተማዋ ተንገዳገደች እንጂ ሳትወድቅ አለፈችው። የኮሪደር ልማቱም የእግረኛ መንገዱን ለውጦታል፤ ከሆቴል ወጥቶ በእግር መሄድ የሚፈልግ እንግዳ ከሦስት ዓመት በፊት ካለው ይልቅ ዛሬ ይመቸዋል። ለዚያ መንገድ ሲባል ቤታቸው የተነሣ ሰዎች ሌላ ነው የሚሉት፤ ያም የዚህ ሒሳብ አካል ነው።

አንድ ከአዘጋጅ አቅም በላይ የሆነ ነገር አለ። ሰላም። የውጭ ማኅበር ቦርድ ከተማ ሲመርጥ ጠረጴዛው ላይ የጉዞ ማስጠንቀቂያና የኢንሹራንስ ዋጋ ይቀመጣል። ከጉባኤ በኋላ ላሊበላን አይቼ ልመለስ የሚል ተሳታፊ ከሰሜኑ ጦርነትና በ2015 መጨረሻ በአማራ ክልል ከተባባሰው ግጭት በኋላ ሁለት ጊዜ ያስባል። ኢንተርኔት የሚቋረጥበት አገር የሚለው ስምም ገና አልለቀቀንም። ቦርዱ አይከራከርህም። ሌላ ከተማ ይመርጣል፤ ያንተ ስም ቀርቦ እንደነበር እንኳ አትሰማም።

ሰላሙ ቢኖርም ግን አንድ ሰው ጥያቄውን ማቅረብ አለበት። ይህ ነው ብዙ ሰው የማያውቀው። ዓለም አቀፍ የሙያ ማኅበር ወደ አገርህ የሚመጣው በማስታወቂያ አይደለም። አባል የሆነ የአገሬው ሰው፣ አንድ ፕሮፌሰር ወይም አንድ ሐኪም፣ "ወደ እኛ ኑ" ብሎ ሲጠይቅ ነው። ጥያቄው የሚቀርበው ከሦስት፣ ከአራት ዓመት በፊት ነው። አብሮ መቅረብ ያለበት ነገር አለ፤ የአዳራሽ ዋጋ፣ የአልጋ ዋጋ፣ የቪዛ ማረጋገጫ፣ የኤግዚቢሽን ዕቃ ያለ ጣጣ ገብቶ የሚወጣበት የጉምሩክ ፈቃድ፣ ከመንግሥት የድጋፍ ደብዳቤ። ፕሮፌሰሩ ይህን ከክፍል ወደ ክፍል እየሮጠ አይሰበስብም። እንደ ኪጋሊ ያሉ ከተሞች ይህን የሚሠራለት ሰው አስቀምጠውለታል። ሰነዱን ያዘጋጁለታል፣ ቦርዱን ይጋብዙለታል፣ እሱ ቆሞ ይናገራል።

የማውቀው አንድ ሐኪም አለ፤ ስሙን አልጠራም። የአፍሪካ የሙያ ማኅበሩን ወደ አዲስ አበባ ለማምጣት ተነሥቶ ነበር። ስድስት መቶ ያህል ሰው፣ አራት ቀን። ማኅበሩም ፍላጎት ነበረው። የቀረው የድጋፍ ደብዳቤ ነው። አንድ መሥሪያ ቤት ሄደ፤ "ይህ የኛ አይደለም፣ እዚያ ሂድ" አሉት። እዚያ ሄደ፤ "መጀመሪያ የነዚያን አምጣ" አሉት። ሦስተኛው ቢሮ በደንብ ተቀበሉት፣ ሻይ አዘዙለት፣ ስብሰባው መቼ እንደሆነ ጠየቁት። ከሦስት ዓመት በኋላ ነው አላቸው። "ታዲያ ምን አጣደፈህ?" አሉት።

ጉባኤው ኪጋሊ ሆነ። እሱም ሄዶ ጥናቱን አቀረበ። ሲመለስ የተሳታፊ ቦርሳውን ሰጠኝ፤ ጥሩ ሸራ ነው፣ የከተማው ስም በሰማያዊ ተጽፎበታል። ላፕቶፕ እይዝበታለሁ።